የፈረሰውን እንደፈረሰ የመለሱት ግንበኛ

ጋሽ ሀቢሶ ማረፋቸውን የሰማሁት ቢሮ ቁጭ ብዬ ሪፖርት ስጽፍ ነው። የደወለችልኝ ትልቋ ልጃቸው ናት። "አባባ ትናንት ከሰዓት ዐረፈ" አለችኝ። "አልታመመም። ምሳውን በላ፣ ጋደም አለ፣ በቃ።" ዕድሜያቸው ሰባን ከተሻገረ ቆይቷል፤ ስለዚህ ዱብ ዕዳ አልሆነብኝም። ነፍስ ይማር ብዬ ስልኩን ዘጋሁና ቀና ብዬ የቢሮዬን ግድግዳ አየሁ። ሰው ሞተ ሲባል ግድግዳ የሚያይ ሰው እብድ ይመስላል፤ ግን ምክንያት አለኝ።

ግድግዳው ወደ ግራ ያዘማል። ዓመታት ፊት ለፊቱ ተቀምጬ ስሠራ መዝመሙን አላየሁትም ነበር። አንድ ቀን ጋሽ ሀቢሶ ለጉዳይ መጡና ወንበር ሰጥቻቸው ገና ሳይቀመጡ፣ "ይሄን የሠራው ሰውዬ ጥርሱን ያመው ነበር" አሉ።

"እንዴት አወቁ ጋሼ?"

"እስከ ወገቡ ድረስ ደህና ነው፤ ልክ ነው። ከዚያ ወዲያ የቱንቢ ገመድ አልጣለም። ግንበኛ መሀል ላይ ግድ የሚያጣው ወይ ሲከፋው ነው ወይ ሲያመው ነው። ቢከፋው ጥሎት ይሄድ ነበር። ይሄ ጨርሶታል፤ እያመመው ነው የጨረሰው።"

ጥርስ መሆኑን በምን እንዳወቁ ስጠይቃቸው፣ "እሱን እንኳ ከራሴ ጨምሬ ነው" ብለው ሳቁ። ከዚያ ቀን ወዲህ ቢሮዬ የገባ እንግዳ ሲያማርረኝ ግድግዳውን አየዋለሁ፤ ለዚያ ለማላውቀው ሰውዬ አዝንለታለሁ። መሞታቸውን በሰማሁበት ሰዓትም ያየሁት እሱን ነው፤ ፈገግ አልኩ። ለቅሶ ቤት ስደርስ ግን አላስቻለኝም፤ እንደ ሕፃን አለቀስኩ።

እኔ የወረዳ ባህልና ቱሪዝም ሠራተኛ ነኝ። አባቴ ጃጁራ ላይ ሲሚንቶና ቆርቆሮ የሚሸጡ ጉራጌ ናቸው፤ ግንበኛ ስል ከልጅነቴ ጀምሮ የማውቀው ሱቅ በር ላይ ቆሞ ዋጋ የሚከራከረውን ዓይነት ነው። ጋሽ ሀቢሶን ያወቅኋቸው ግን በሥራ ምክንያት፣ በካቡ ሰበብ ነው።

ከምሠራባት ከተማ በእግር ሁለት ሰዓት የሚያስኬድ ኮረብታ አለ። አናቱን በሙሉ የድንጋይ ካብ ይዞረዋል። ካቡ ጭቃ የለውም፣ ኖራ የለውም፤ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ብቻ ነው። አንዳንድ ቦታ ከሁለት ሰው ቁመት ይበልጣል፣ አንዳንድ ቦታ ደግሞ ተንዶ ቁልቁል ተዘርግፏል። ውስጡ የቤት መሠረት የሚመስሉ ክብ ክብ ድንጋዮችና የተደፈነ ጉድጓድ አለ። የተማሩት የመካከለኛው ዘመን ምሽግ ነው ይላሉ። ማን ሠራው ሲባል ግን ጉድ ይፈላል። በዚህኛው ቁልቁለት ያሉት የኛ አያት ነው ይላሉ፤ በዚያኛው ያሉት ደግሞ የለም፣ አያታችሁ ድንጋይ ያቀብል ነበር እንጂ የሠራው የኛ ነው ይላሉ። አንድ መምህር ንጉሥ ጦሩን ያሰፈረበት ነው ብሎ ሙሉ ወረቀት ጽፎ ሰጥቶኛል። እኔ ሁሉንም መዝገቤ ላይ "እንደሚባለው" እያልኩ ጽፌ ከማንም ሳልጣላ ኖሬያለሁ።

ጋሽ ሀቢሶ ቤታቸው ከኮረብታው ግርጌ ነው። መጀመሪያ ቀን ካቡን ዞረው ያሳዩኝ እሳቸው ናቸው። እኔም እንደ ልማዴ ማስታወሻ ይዤ፣ "ማን ነው የሠራው ይላሉ ጋሼ?" አልኳቸው።

"ጌታውን አላውቀውም" አሉ። "ግንበኞቹን ግን አውቃቸዋለሁ።"

ከዚያ እጄን ይዘው ወሰዱኝ። በምሥራቅ በኩል ድንጋዩ ትልልቅ ነው፤ እያንዳንዱ ከታች ካሉት ሁለት ድንጋዮች መጋጠሚያ ላይ ያርፋል። "ይሄ ታጋሽ ሰው ነው" አሉ። "አንዱን ድንጋይ ለማስቀመጥ ሦስቱን አንስቶ ጥሏል። ሚስቱ ትወደው ነበር።" ትንሽ አለፍ ብሎ ድንጋዩ የተጠረበበት አቅጣጫ ተገለበጠ፤ "ይሄኛው በግራ እጁ ነው የሚሠራው። ከታጋሹ ጋር አይዋደዱም፤ መጋጠሚያው ላይ ተመልከቺ፣ ማንም ለማን አልለቀቀም።" እየሳቅሁ እጽፋለሁ። በሰሜን በኩል ስንደርስ ግን ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። እዚያ ካቡ ወፍራም ነው፤ ድንጋዩ ግን ትንንሽ ነው።

"እዚህ ጋ ጠላት እየመጣ ነበር። ችኮላውን አየሽው? ድንጋዩ ደግሞ ሴት የምትሸከመው፣ ልጅ የሚሸከመው ነው። ወንዶቹ የሉም። ወይ ጦርነት ላይ ናቸው ወይ አልቀዋል።"

ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ታሪክ ተምሬያለሁ። ልቤን ያስደነገጠው የታሪክ ትምህርት ግን ያ ቀን የሰማሁት ነው። ጋሽ ሀቢሶ እውነታቸውን ይሁን ከራሳቸው ጨምረው ለመጠየቅም አልፈለግሁም። ሲመለሱ ድንጋዩን በጣታቸው አንጓ ኳ ኳ አድርገው እንደሚሰናበት ሰው አለፉ።

ሰውዬው እንዲህ ነበሩ። ሆመቾም ጊምቢቹም ጃጁራም ያልገነቡበት ሠፈር የለም። አውቶቡስ ላይ አብሯቸው የተቀመጠ ሰው ሰላም አያገኝም፤ በመስኮት የሚያልፈውን ቤት ሁሉ ማን እንደሠራው፣ ማን እንዳበላሸው ይነግሩታል። "ድንጋይ ሁሉ ፊት አለው" ይሉ ነበር፤ "ፊቱን ሳታይ ያስቀመጥሽው ድንጋይ ዕድሜ ልኩን ጀርባውን ይሰጥሻል።" ይህን ካሉ በኋላ ዞር ብለው ያዩኝና፣ "ባልም እንደዚያው ነው ሰሚራ፤ አትቸኩይ" ይላሉ። እኔ እንኳን ልቸኩል፣ የሚያስቸኩለኝም አልነበረም።

አሁን ወደ ጉዱ ልምጣ።

በአንዱ ዓመት ለመንገድ ሥራ ጠጠር የሚፈልግ ድርጅት ኮረብታችንን አየና ወደደው። ክሬሸር ተክሎ ድንጋዩን ሊፈጨው ጠየቀ። የመንደሩ ወጣቶች ሥራ እናገኛለን ብለው ደስ አላቸው፤ አልፈርድባቸውም። በበኩሌ ቦታው ቅርስ ሆኖ እንዲመዘገብ ስጽፍ ከርሜ ነበርና ከላይ የመጣው መልስ አጭር ሆነ፤ ባለሙያ መጥታ ታያለች፣ ካቡ በጥንት ይዞታው ላይ ካለ ይመዘገባል፣ ካልሆነ ኮረብታው ለጠጠር ይሰጣል። አንድ ጉብኝት ብቻ ነው የቀረን።

መንደር ወርጄ ሰዉን ሰበሰብኩና ከአዲስ አበባ ድረስ ትልልቅ እንግዶች እንደሚመጡ፣ የካቡ ዕጣ በእነሱ እጅ እንደሆነ ነገርኳቸው። ከዚያ ሆሳዕና ላይ ለአሥር ቀን ሥልጠና ተጠራሁና ሄድኩ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ማለት እኔ ነኝ። በእኛ አገር ለመስቀል ቤቱን የማይለቀልቅ፣ አጥሩን የማያድስ ሰው እንደሌለ እያወቅሁ፣ የፈረሰ አጥር ይዞ እንግዳ መቀበል ነውር እንደሆነ እያወቅሁ፣ ምንም እንዳትነኩ ሳልላቸው ሄድኩ።

ሥልጠናው አልቆ አርብ ጠዋት ወደ መንደሩ ስመለስ፣ ገና መንገዱ ላይ ሳለሁ ኮረብታው አናት ላይ አንድ ነጭ ነገር አየሁ። ሰው ልብስ አስጥቶ መሰለኝ። ስጠጋ ልብስ አይደለም።

መንደርተኛው ደቦ ወጥቶ፣ ሲሚንቶ በመዋጮ ገዝቶ፣ የተናደውን የካቡን ክፍል አሥራ ሁለት እርምጃ ያህል አንስቶ አቁሞታል። በዚህም አልበቃቸውም፤ ኖራ ቀብተውታል። ጋሽ ሀቢሶ የክት ኮታቸውን ለብሰው ግንቡ ሥር ቆመዋል።

"እንዴት ነው?" አሉኝ።

እውነቱን ልናገር፤ እንደዚያ ያማረ ግንብ በሕይወቴ አላየሁም። ማዕዘኑ እንደ ምላጭ ነው። ውሃ ልክ ቢቀመጥበት ውሃው ንቅንቅ አይልም። እኔ ግን መሬት ላይ ቁጭ ብዬ ጭንቅላቴን ያዝኩ።

"ጋሼ፣ ምን አደረጉኝ!"

"ምነው? ጠመመ?" ደንግጠው ወደ ግንቡ ዞሩ።

"አልጠመመም። እንግዶቹ የሚመጡት እኮ የፈረሰውን ሊያዩ ነው። የተነካ ከሆነ አይመዘግቡትም።"

"የፈረሰ ሊያዩ ከአዲስ አበባ ይመጣሉ?" ሳቅ ሊሉ ነበር፤ ፊቴን አይተው ተዉት። ከዚያ ኮፍያቸውን አውልቀው፣ "ዕድሜዬን ሙሉ የነሱን ሥራ ሳነብ ኖሬ፣ አሁን በላያቸው ላይ ጻፍኩባቸው ማለት ነው" አሉ። እኔ በደንብና በመመሪያ ላስረዳቸው ስዘጋጅ፣ እሳቸው በራሳቸው መንገድ ደርሰውበት ነበር።

"መቼ ነው የሚመጡት?"

"ሰኞ ጠዋት።"

"የጨረስነው ትናንት ነው። ሲሚንቶው አልጠነከረም። ያን ስልክሽን አምጪ፤ ያኔ ስታነሺው የነበረው ፎቶ አለ አይደል?"

አለ። የተናደውን ክፍል ከየአቅጣጫው አንስቼው ነበር። ጋሽ ሀቢሶ ፎቶዎቹን አንድ በአንድ አስፍተው አዩና መዶሻቸውን አነሡ። ሌላ ሰው እንዲጀምር አልፈቀዱም። ግንቡን ሲሠሩ የረዷቸው ሁሉ ቆመው ያያሉ። አንዴ መቱ፣ ሁለቴ መቱ፤ ድንጋዩ ንቅንቅ አላለም። ሦስተኛው ላይ ዞር ብለው፣ "ለካ ደህና አድርጌ ሠርቼዋለሁ!" ሲሉ ሰዉ ሁሉ በሳቅ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ ሥራው ቀለለ።

ባለቤታቸው እትዬ አበበች ሴቶቹን ሰብስበው በጄሪካን ውሃ አስመጡና ከድንጋዩ ላይ ሲሚንቶና ኖራውን በቃጫ ማሸት ጀመሩ። የእንሰት ቃጫ ለዚህ ይሆናል ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር። "ይሄን ሰውዬ ሳገባ እንዲህ ያለ ጣጣ እንዳለው ማን በነገረኝ" ይላሉ እትዬ አበበች፤ "የወለድኳቸውን ልጆች እንኳ እንዲህ አድርጌ አላጠብኩም።" ጋሽ ሀቢሶ ከላይ ሆነው፣ "ከጆሮዋ ኋላም እጠቢያት" ይሏቸዋል፤ ድንጋዩን ነው።

የከበደው ግን ድንጋዮቹን እንደ ፎቶው መልሶ መጣል ነበር። ጋሽ ሀቢሶ ያስቀመጡት ሁሉ ተደርድሮ ቁጭ ይላል። "ይቺ በጎኗ ተደፍታ ነበር" እያሉ ያስቀምጣሉ፤ ራቅ ብለው ያያሉ፤ የተቀመጠ እንጂ የወደቀ አይመስልም። እጃቸው መበላሸት አልቻለም። ሲያፈርሱም ቱንቢው ከእጃቸው አልወጣም። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ተስፋ ቆረጡና ዙሪያቸውን ቃኝተው፣ "ተሾመ የት አለ?" አሉ።

ተሾመ በመንደሩ መጥፎ ግንበኛ የሚባለው ሰው ነው። የሠራው የዶሮ ቤት በሦስተኛው ወር ዶሮዋ ላይ ወድቋል ይባላል። እየተሽኮረመመ መጣ።

"ና ወንድሜ" አሉት ጋሽ ሀቢሶ፤ "ዛሬ ቀንህ ነው። እኔ እነግርሃለሁ፣ አንተ አስቀምጥ።"

ተሾመ ያስቀመጠው ሁሉ ወደቀ፤ የወደቀውም ልክ እንደ ፎቶው ሆነ። እሑድ ወደ ማምሻው ላይ ስልኬንና ካቡን እያፈራረቅሁ ባይ ልዩነት አጣሁ። ሁላችንም ቆጮ በአይብ በልተን፣ ደክሞን፣ ደስ ብሎን ተለያየን።

ሰኞ ጠዋት ባለሙያዋ መጣች። ቅድስት ትባላለች፤ ሰፊ ባርኔጣ ያደረገች፣ ብዙ የማታወራ ሴት ናት። የመሥሪያ ቤቴ ኃላፊ ከኋላዋ ከኋላዋ ይላል። ምሥራቁን አየች፣ ሰሜኑን አየች፣ ለካች፣ ጻፈች። ከዚያ ወደ አሥራ ሁለቱ እርምጃ ደረሰች። ቆመች።

"ይሄ በጣም ደስ ይላል" አለች። "ሌላ ቦታ ሰው አነሣለሁ እያለ ያበላሸዋል። ይሄን ግን ማንም አልነካውም።" ልትጽፍ ጎንበስ አለች። ተመስገን አልኩ። ኃላፊው ዓይኑን ጨፍኖ ከፈተ።

"እኔ ነክቼዋለሁ" አሉ ጋሽ ሀቢሶ።

ኮታቸውን ከኋላ ያዝኩ። አላዩኝም። ሲሚንቶውን፣ ኖራውን፣ ማፍረሱን፣ ማጠቡን፣ ፎቶውን፣ ተሾመን ሳይቀር አንድ ሳያስቀሩ ነገሯት። ኃላፊው ፊቱ አመድ መሰለ። እኔስ? እኔ በዚያች ደቂቃ ጠላኋቸው፤ መደበቅ አያስፈልግም። የዓመታት ልፋቴ፣ የሰዉ ሁሉ ድካም፣ ኮረብታው ራሱ በአንድ ሽማግሌ አፍ ሲሄድ ታየኝ።

ቅድስት ማስታወሻዋን ዘጋች። "አባቴ፣ ዝም ቢሉ እኮ አላወቅሁም ነበር" አለች።

"አውቃለሁ" አሉ። ከዚያ ወደ ሰሜኑ ካብ በእጃቸው አሳዩዋት። "እነዚያ ሰዎች ዋሽተውኝ አያውቁም ልጄ። የቸኮለው መቸኮሉን አሳይቶኝ ነው የሄደው፤ የደከመውም መድከሙን። እኔ ከዋሸሁ፣ ነገ አንድ ግንበኛ መጥቶ ሲያየው ምን ብሎ ያነበኛል?"

እኔም ኮታቸውን ለቀቅሁ።

ቅድስት ማስታወሻዋን መልሳ ከፈተችና፣ "ከየት እስከ የት ነው የነኩት? ያሳዩኝ" አለች። ቀኑን ሙሉ አብረው ዋሉ። ጋሽ ሀቢሶ የተነሡትን ድንጋዮች አንድ በአንድ በጠመኔ ምልክት አደረጉ፤ እሷ ከእኔ ፎቶዎች ጋር እያመሳከረች ጻፈች። አመሻሽ ላይ ምንም ተስፋ ሳትሰጠን ሄደች። ኋላ ላይ፣ ባይነግሩኝም እደርስበት ነበር ስትል ሰምቻታለሁ፤ አላመንኳትም።

ከዚያ መልሱን የምንጠብቅበት ጊዜ መጣ። ክሬሸሩን የሚፈልጉት ጋሽ ሀቢሶን ባገኟቸው ቁጥር አመሰገኗቸው፤ ካቡን የሚፈልጉት ደግሞ ሰላምታ ነሷቸው። ኃላፊዬ ሳምንቱን ሙሉ አላናገረኝም። አንድ ቀን ጋሽ ሀቢሶን መንገድ ላይ አገኘኋቸውና ቁርጡን ጠየቅኋቸው፤ "ባይመዘገብስ ጋሼ? ጠጠር ቢሆንስ?"

"አለቅሳለሁ" አሉ። "አንቺም ታለቅሻለሽ። ግን አላፍርም።" ሆመቾ ላይ የጀመሩት ቤት ስለነበረ ወደ አውቶቡሱ ተቻኩለው ሄዱ።

ደብዳቤው ሲደርስ ቢሮ ውስጥ ብቻዬን ነበርኩ። ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ከዚያ ባጃጅ መጠበቅ አቅቶኝ መንገዱን በእግሬ ገባሁበት፤ ጋሽ ሀቢሶን ቤታቸው በር ላይ ለሥራ ሲወጡ ደረስኩባቸው።

"ተመዘገበ!" አልኩ። ላብ በላብ ሆኛለሁ።

ደጃፋቸው ላይ ያለው ድንጋይ ላይ ቁጭ አሉ። "አንብቢልኝ።"

አነበብኩላቸው። ርዝመቱ፣ ቁመቱ፣ ወሰኑ፣ ያልተነካው ካብ በጥንት ይዞታው ላይ መሆኑ። የሠራው ሰው ስም በሚለው ቦታ ላይ "አይታወቅም" ይላል። ከሥሩ ግን ስለ አሥራ ሁለቱ እርምጃ ብቻ የሚያወራ አንድ ዓረፍተ ነገር አለ። "ይህ ክፍል በግንበኛ ሀቢሶና በመንደሩ ነዋሪዎች ተሠርቶ፣ በዚያው ሳምንት በራሳቸው ፈርሶ፣ ወደ ነበረበት ተመልሷል፤ ዝርዝሩን የተናገሩት ግንበኛው ራሳቸው ናቸው።"

"ደግመሽ አንብቢው።"

ደገምኩት።

"ከዚያ ሁሉ ግንበኛ ስሙ የተጻፈው የኔ ብቻ ነው?"

"አዎ ጋሼ።"

"ያፈረስኩት እኔ?" ኮፍያቸውን አውልቀው ወደ ኮረብታው አዩ። ዓይናቸው ዕንባ አቅርሮ ነበር፤ አፋቸው ግን ይስቃል። "ያን የመሰለ ሥራ ሠርተው ስማቸውን ሳይጽፉ ሄዱ። እኔ በአንድ ሳምንት ጥፋት ተጻፍኩ። ይሄ ነውር ነው ሰሚራ። የኔንም አይታወቅም በይው።"

"አይቻልም ጋሼ፤ ማኅተም አርፎበታል።"

"እንግዲያው ተያዝኩ" አሉ። ተነሡ፣ መዶሻቸውን ከቱንቢያቸው ጋር ትከሻቸው ላይ አደረጉና፣ ሆመቾ ላይ ግድግዳ እንደሚጠብቃቸው ነግረውኝ ሄዱ።